የአርባ ምንጭ ደን

የአርባ ምንጭ ደን በደቡብ ኢትዮጵያ ስምጥ ሸለቆ፣ በኩልፎ ወንዝ ዳር የሚገኝ፣ በ1966 ዓ.ም. በተመሠረተው ነጭ ሳር ብሔራዊ ፓርክ ውስጥ የተከለለ ጥንታዊ ደን ነው። በሞቃት ቆላ ዓመቱን ሙሉ የሚለመልመው በዝናብ ብቻ ሳይሆን፣ ከሸለቆው ገደል ሥር በሚፈልቁት ምንጮችና ለመሬት ገጽ በቀረበ የከርሰ ምድር ውኃ ነው፤ ከደኑ ወጣ ሲሉ የሚጀምረው ደረቅ የግራር ቁጥቋጦ ለዚህ ማስረጃ ይሆናል። («አርባ» መባሉ ብዛትን ለማመልከት እንጂ ተቆጥሮ አይመስልም።) በግዙፎቹ ሾላዎች አናት ጉሬዛ ነጭ ጭራውን አንጠልጥሎ ቅጠል ይቀነጥባል፤ ከሥር ዝንጀሮ የረገፈውን ፍሬ ይለቅማል፣ ድኩላም በጥላው ይሸሸጋል።

ውኃው ከደጋው ስለሚመጣ ዛፍ ለማገዶ ቢቆረጥ ምንጩም ሆነ አካባቢው አይጎዳም የሚል መከራከሪያ ሊነሣ ይችላል። የመጀመሪያው ሐሳብ በከፊል እውነት ነው፤ መደምደሚያው ግን አይከተልም፤ የወንዙን ዳር አፈር የሚይዘው ሥር ሲጠፋ ደለሉ ወደ ጫሞ ሐይቅ ይወርዳልና። የአርባ ምንጭ ከተማ የመጠጥ ውኃ የሚቀዳውም ከእነዚሁ ምንጮች ነው።