የላይ አፈር (በመኖሪያ ግቢ)

የላይ አፈር ከመሬት ገጽ ጀምሮ አብዛኛውን ጊዜ ከ10 እስከ 30 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት ያለው፣ የበሰበሰ ቅጠልና ሥር፣ ትላትልና ጥቃቅን ሕዋሳት የሚበዙበት የአፈር ክፍል ነው። ዕፅዋት ምግባቸውን በብዛት የሚያገኙት ከዚህ ክፍል ነው። ጥቂት ሳንቲ ሜትር የላይ አፈር በተፈጥሮ ለመፈጠር በመቶዎች የሚቆጠሩ ዓመታት ይፈጃል፤ በግንባታ ቁፋሮ ግን በአንድ ቀን ሊጠፋ ይችላል።

የአያት አፈር

አያት፣ ሲኤምሲና ቦሌ የሚገኙበት የአዲስ አበባ ምሥራቃዊ ክፍል በአመዛኙ ጥቁር አፈር ነው። ገበሬዎች መረሬ የሚሉት ይህ አፈር ቢያንስ 30 በመቶው ሸክላ ሲሆን፣ በክረምት ውሃ ይዞ ያብጣል፤ በበጋ ደርቆ ይሰነጠቃል። እብጠቱ ቤት ስለሚጎዳ በግንባታ ጊዜ ጥቁሩ አፈር ወጥቶ ቦታው በሰሌክት ይሞላል። ቤቱ ሲያልቅ በግቢው የሚቀረው ብዙ ጊዜ የተጠቀጠቀ ሰሌክት፣ የሲሚንቶ ፍርፋሪና ከጥልቅ የወጣ ሸክላ ነው። ስለዚህ ለአንድ ግቢ የሚሻለው የራሱ የላይ አፈር ነው፤ ቁፋሮ ከመጀመሩ በፊት የላይኛው ከ15 እስከ 20 ሳንቲ ሜትር ተገፎ ለብቻው ቢከመር በኋላ ተመልሶ ይለብሳል።

መቼ ያስፈልጋል

አፈር ከማስመጣት በፊት 30 ሳንቲ ሜትር ያህል ጉድጓድ ቆፍሮ ማየት ይጠቅማል። ጠቆር ያለ፣ በእጅ የሚፈረፈርና ትል ያለበት አፈር ከተገኘ ብስባሽ (ኮምፖስት) ወይም የበሰለ ፍግ መጨመር ይበቃል። ሰሌክት ወይም ፍርስራሽ ከተገኘ የላይ አፈር ያስፈልጋል። በጉድጓዱ የተሞላ ውሃ ከአንድ ቀን በላይ ከቆየ ግን ዋናው ችግር የውሃ መውጫ ማጣት ነው፤ ቦይ ሳይወጣ የሚደፋ አፈር እሱም ይጨቀያል።

ወቅት

በአዲስ አበባ ዋናው ዝናብ ከሰኔ እስከ መስከረም ሲሆን ሐምሌና ነሐሴ ይበረታል። ለሣር አመቺው ጊዜ ግንቦት ነው፤ የበልግ ዝናብ መሬቱን አለስልሶታል፣ ሣሩም ኃይለኛው ዝናብ ሳይመጣ ሥር ይሰዳል። በሐምሌ የተደፋ ልቅ አፈር በጎርፍ ይታጠባል፤ እርጥብ ሸክላ ሲረገጥም ይጠቀጠቃል። የአትክልት መደብ ውሃ ማጠጣት ከተቻለ በጥቅምት ሊዘጋጅ ይችላል። አንድ ጭብጥ አፈር ተጨምቆ በጣት ሲነካ ከተፈረፈረ ለሥራ ደርሷል፤ ከተላቆጠ ገና ነው።

አሠራር

ለሣር ከ10 እስከ 15፣ ለጎመንና ለሰላጣ ከ20 እስከ 30 ሳንቲ ሜትር ውፍረት ያስፈልጋል። 50 ካሬ ሜትር ቦታ በ10 ሳንቲ ሜትር ለመሸፈን 5 ሜትር ኩብ አፈር ይፈልጋል፤ አፈሩ ስለሚወርድ 6 ሜትር ኩብ ማዘጋጀት ይመረጣል።

1. ፍርስራሹ ይለቀማል፤ የተጠቀጠቀው መሬት በዶማ ከ10 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ይቆፈራል።
2. የአፈሩ ግማሽ ተበትኖ ከታችኛው ጋር ይደባለቃል። ሁለቱ ሳይዋሐዱ ከቀሩ ውሃና ሥር በወሰናቸው ላይ ይቆማሉ።
3. ቀሪው ከብስባሽ ጋር ተደባልቆ ይለብሳል፤ ለሦስት እጅ አፈር አንድ እጅ ብስባሽ ተስማሚ ነው።
4. መሬቱ ከቤቱ እየራቀ በየሜትሩ 2 ሳንቲ ሜትር ያህል ዝቅ እንዲል ይደለደላል።
5. ወዲያው ይተከላል ወይም በጭድ ይሸፈናል።

አፈር በቤትና በአጥር ግንብ ላይ መከመር እርጥበት ያስገባል፤ በዛፍ ግንድ ዙሪያ መቆለልም ዛፉን ይጎዳል። በሸክላ ላይ ጥቂት አሸዋ መጨመር ብዙውን ጊዜ አፈሩን ያጠነክረዋል እንጂ አያላላውም።

ከፍ ያለ መደብ

ውሃ የሚተኛበትን ጥቁር አፈር መደብና ቦይ አውጥቶ ማጠንፈፍ የቆየ ዘዴ ነው። በሰሜን ሸዋ የእነዋሪ ገበሬዎች ሰፋፊ መደቦችን በእጃቸው ይሠራሉ። በአዲስ አበባ ይገኝ የነበረው የአፍሪካ ዓለም አቀፍ የእንስሳት ማዕከልም እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ ከኢትዮጵያ ተቋማት ጋር ሆኖ ከባህላዊው ማረሻ የተሠራ፣ በበሬ የሚጎተት የመደብ ማውጫ አዘጋጅቷል። በግቢም 20 ሳንቲ ሜትር ከፍ ያለ መደብ ባነሰ አፈር ተመሳሳይ ጥቅም ይሰጣል።

የአፈሩ ምንጭ

ከሌላ ግንባታ ጥልቅ ቁፋሮ የወጣ ጥቁር አፈር በመልኩ ለም ቢመስልም ብስባሽ የሌለው ሸክላ ሊሆን ይችላል። የሰርዶና የእንግጫ ሥር ያለበት አፈርም አረም ያስገባል። ከእርሻ ማሳ የተገፈፈ አፈር ደግሞ ለአንዱ ግቢ ልምላሜ ሲሰጥ ማሳውን ያራቁታል። የወጥ ቤት ትራፊና ቅጠል በግቢ ማበስበስ የሚገዛውን አፈር መጠን ይቀንሳል።