የወርቅ ዘመን አገር በአንድ ቀን፦ ከባላራት እስከ ቤንዲጎ

ከአውስትራሊያዋ ሜልበርን ማለዳ ተነሥቶ በምዕራቡ አውራ ጎዳና የሚጓዝ ሰው አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ሲነዳ ባላራት ይደርሳል። ከባላራት ወደ ሰሜን አቅንቶ ክሉንስን፣ ካስልሜይንንና ቤንዲጎን ካየ በኋላ በሌላ መንገድ ዞሮ ሲመሽ ሜልበርን ይገባል። ዐሥር ዐሥራ ሁለት ሰው በሚኒባስ ይዘው የሚያዞሩ አስጎብኚዎች የዘወትር መንገዳቸው ይህ ነው። አገሩ ለዓይን ይመቻል። ኮረብታው የባሕር ዛፍ ነው፤ እኛ አገር በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የገባው ዛፍ የትውልድ ቦታው አውስትራሊያ ነውና ኢትዮጵያዊ ተጓዥ እንግድነት አይሰማውም። ከተሞቹም ትንንሽ ሆነው ሳለ ትልልቅ የድንጋይ ሕንፃዎች አሏቸው። እነዚያን ሕንፃዎች ያቆማቸው ከሥራቸው የወጣው ወርቅ ነው።

የወርቁ ሩጫ አብቅቷል። በወርቁ ሳቢያ የተነሡት ጥያቄዎች ግን ዛሬም ሕያው ናቸው። መንግሥት ግብር የሚጥለው በምን ላይ ነው? ግብር የከፈለ ሰው በአገሩ ጉዳይ ድምፅ አለው ወይ? መብት ሲታደል ደግሞ ማን ይቀራል? የባላራትና የቤንዲጎ መንገድ ለእነዚህ ጥያቄዎች የተሰጡትን መልሶች፣ በጎውንም ክፉውንም፣ በአንድ ቀን ያሳያል። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ቀናትና ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የወርቁ ወሬ

በ1848 በካሊፎርኒያ ወርቅ ሲገኝ ከአውስትራሊያም ብዙ ሰው መርከብ እየተሳፈረ ሄደ። በ1851 መጀመሪያ በኒው ሳውዝ ዌልስ ወርቅ ሲገኝ ደግሞ የሜልበርን ነጋዴዎች ከተማቸው ባዶ ልትቀር ነው ብለው ሰጉ። ስለዚህ በአቅራቢያቸው ወርቅ ለሚያገኝ ሰው 200 ፓውንድ ሽልማት አቀረቡ። ብዙም ሳይቆይ፣ በሐምሌ ወር፣ ከካሊፎርኒያ የተመለሰው ጀምስ ኤስመንድ ክሉንስ ላይ ወርቅ ማግኘቱ ተሰማ። በነሐሴ ባላራት ተከተለች፤ ከዚያም ካስልሜይን፣ በዓመቱ መጨረሻ ደግሞ ቤንዲጎ።

እነዚህ ከተሞች የሚገኙባት ቪክቶሪያ ከኒው ሳውዝ ዌልስ ተለይታ ራሷን የቻለች ቅኝ ግዛት የሆነችው ሐምሌ 1 ቀን 1851 ነበር። ገና አስተዳደሯን ሳታደራጅ ዓለም ጎረፈባት። በ1851 ሕዝቧ ወደ 77 ሺህ ይጠጋ ነበር፤ ከዐሥር ዓመት በኋላ 540 ሺህ ገደማ ደረሰ። እንግሊዛዊው፣ አየርላንዳዊው፣ ጀርመኑ፣ ጣልያኑ፣ አሜሪካዊውና ቻይናዊው ጎን ለጎን ድንኳን ተከለ። መርከበኞች መርከባቸውን በወደብ ጥለው፣ እረኞች መንጋቸውን በትነው ወደ ጉድጓዱ ሮጡ።

ባላራት፦ ግብር ያስነሣው ዐመፅ

ባላራት የደረሰ ተጓዥ አብዛኛውን ጊዜ በመጀመሪያ የሚወሰደው ወደ ሶቨሪን ሂል ነው። በ1970 የተከፈተው ይህ ደጅ ላይ የተዘረጋ ሙዚየም የ1850ዎቹን መንደር መልሶ ያቆመ ነው። ጎብኚው በጅረቱ ዳር ተቀምጦ፣ ጎድጎድ ባለ የብረት ሳህን አሸዋ እያዞረ ወርቅ ያጥባል፤ ልጆች እጅግ ይወዱታል። የባላራትን ቁጣ ለመረዳት ግን ከጅረቱ ይልቅ ጉድጓዱን ማየት ይሻላል።

በመጀመሪያዎቹ ወራት ወርቁ ከመሬት ገጽ ብዙ ሳይርቅ ይገኝ ነበር። ያ ሲያልቅ የባላራት ቆፋሪዎች ከጥንት ዘመን ጀምሮ በአፈርና በድንጋይ ሥር የተቀበሩ የወንዝ ወለሎችን ማሳደድ ጀመሩ። እዚያ ለመድረስ ከ30 ሜትር በላይ መቆፈር ያስፈልጋል። ጥቂት ሰዎች በማኅበር ሆነው፣ ውኃ እየቀዱና ግድግዳውን በእንጨት እየደገፉ፣ ለብዙ ወራት ይለፋሉ። ከታች ሲደርሱ ወርቁ ሊኖርም ላይኖርም ይችላል።

መንግሥት ግብር የጣለው ግን በሚገኘው ወርቅ ላይ ሳይሆን በመቆፈሩ ላይ ነበር። ከመስከረም 1851 ጀምሮ እያንዳንዱ ቆፋሪ በወር 30 ሺሊንግ እየከፈለ የፈቃድ ወረቀት መያዝ ነበረበት። በ1853 መጨረሻ ገንዘቡ ቢቀነስም አሠራሩ አልተለወጠም። ያገኘውም ያላገኘውም እኩል ይከፍላል። በ1854 አገረ ገዥው ሰር ቻርለስ ሆታም ፖሊሶች በሳምንት ሁለት ጊዜ ፈቃድ እንዲያስሱ አዘዙ። ወረቀቱን ድንኳን ውስጥ ረስቶ የተገኘ ሰው እንኳ ይታሰር ነበር። ከሁሉ በላይ፣ ይህን ሁሉ የሚከፍለው ሕዝብ የምርጫ ድምፅ አልነበረውም።

በጥቅምት 1854 ጀምስ ስኮቢ የተባለ ቆፋሪ በዩሬካ ሆቴል አጠገብ ተገደለ። የተጠረጠረውን የሆቴሉን ባለቤት የአካባቢው ዳኞች በነፃ ሲለቁት የተቆጣው ሕዝብ ሆቴሉን አቃጠለ። ኅዳር 11 ቀን ቆፋሪዎቹ የባላራት የተሐድሶ ማኅበርን መሥርተው የመምረጥ መብት ጠየቁ። ኅዳር 29 ቀን በብዙ ሺህ የሚቆጠር ሰው ተሰብስቦ፣ በሰማያዊ መደብ ላይ ነጭ መስቀልና ከዋክብት ያሉትን ባንዲራ ሰቀለ። የፈቃድ ወረቀቶችም በእሳት ጋዩ። በማግሥቱ ፖሊስ ፈቃድ ሊያስስ ሲመጣ አየርላንዳዊው ፒተር ላለር ሰዉን በባንዲራው ሥር አስምሎ ከእንጨትና ከጋሪ ምሽግ አሠራ።

እሑድ ታኅሣሥ 3 ቀን፣ ጎሕ ሳይቀድ፣ ወደ 300 የሚጠጉ ወታደሮችና ፖሊሶች ምሽጉን ወረሩ። ብዙው ሰው ለሰንበት ወደየድንኳኑ ሄዶ ስለነበር በውስጡ የቀሩት 150 ያህል ብቻ ነበሩ። ውጊያው ግማሽ ሰዓት እንኳ አልቆየም። በትንሹ 22 ቆፋሪዎች ሞቱ፤ ከመንግሥት ወገንም የሞቱ አሉ። ላለር ቆስሎ ተደብቆ አመለጠ፤ ግራ ክንዱ ግን ተቆረጠ።

ጆን ጆሴፍ ፍርድ ቤት ሲቆም

ከተያዙት መካከል 13ቱ በመንግሥት ክዳት ተከሰው ሜልበርን ፍርድ ቤት ቀረቡ። ጥፋተኛ ከተባሉ የሚጠብቃቸው ስቅላት ነው። ዐቃቤ ሕጉ መጀመሪያ ያቀረበው ጆን ጆሴፍ የተባለውን ጥቁር አሜሪካዊ ነበር። ጊዜው የካቲት 1855 ነው፤ በእኛ አገር ደጃዝማች ካሣ ደረስጌ ማርያም ላይ ዓፄ ቴዎድሮስ ተብለው የነገሡበት ወር። አሜሪካ ውስጥ ደግሞ ባርነት ገና በሕግ የጸና ነበር። ከነጮች ብቻ የተውጣጣው የሜልበርን የዳኝነት ጉባኤ ግን ጆሴፍን በነፃ አሰናበተው። ሕዝቡም ወንበር ላይ አስቀምጦ በከተማው ጎዳናዎች በእልልታ አዞረው። ከእሱ በኋላ የቀረቡትም በሙሉ ነፃ ወጡ። ከነሱም አንዱ፣ ጀምስ ካምፕቤል፣ ጃማይካዊ ጥቁር ነበር።

ድሉ በፍርድ ቤት ብቻ አልቀረም። በ1855 ወርሃዊው ፈቃድ ተሽሮ በዓመት 1 ፓውንድ የሚከፈልበት የቆፋሪ መብት ወረቀት ተተካ። ወረቀቱ ለያዘው ሰው የመምረጥ መብትም ሰጠ። መንግሥት ደግሞ ገቢውን ከተገኘው ወርቅ መሰብሰብ ጀመረ፤ ወደ ውጭ በሚላክ በያንዳንዱ ወቄት ላይ ቀረጥ ተጣለ። በዚያው ዓመት አንድ ክንዱን ያጣው ላለር የሕግ አውጪው ምክር ቤት አባል ሆነ፤ በኋላም አፈ ጉባኤ እስከመሆን ደረሰ። በ1857 በቪክቶሪያ ንብረት ያለውም የሌለውም ወንድ እንዲመርጥ ተፈቀደ። ያ የከዋክብት ባንዲራ ዛሬ ባላራት ውስጥ፣ ምሽጉ በነበረበት አካባቢ በተሠራው የዩሬካ ማዕከል ይታያል። ጨርቁ በብዙ ቦታ ተቀዶ ጎድሏል፤ ቢሆንም በጉዞው ሁሉ ከሚታዩት ዕቃዎች መካከል ከእሱ የሚበልጥ የለም።

በዚያው ዓመት የተዘጋው በር

በአብዛኛው ጉብኝት በችኮላ የሚታለፈው ክፍል ከዚህ ይጀምራል። ቆፋሪዎችን ከወርሃዊው ፈቃድ ነፃ ያወጣው ያው የ1855 ዓመት በቻይናውያን ላይ አዲስ ግብር ጣለ። በቪክቶሪያ ወደቦች የሚወርድ እያንዳንዱ ቻይናዊ 10 ፓውንድ እንዲከፈልበት፣ አንድ መርከብ የሚያመጣቸው ሰዎች ቁጥርም በመርከቡ ልክ እንዲወሰን ተደነገገ። የመርከብ አዛዦች ሕጉን ለማምለጥ መንገደኞቻቸውን በጎረቤቷ ደቡብ አውስትራሊያ፣ ሮብ በምትባል አነስተኛ ወደብ ያወርዷቸው ጀመር። ከሮብ ወደ ወርቁ ቦታ ያለው ርቀት ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ሰዎቹ ስንቃቸውንና ዕቃቸውን በትከሻቸው ተሸክመው ሳምንታት ተጓዙ። በ1857 በዚሁ መንገድ ላይ የነበረ አንድ ቡድን ውኃ ሲፈልግ ወርቅ አገኘ፤ የአራራት ከተማም ከዚያ ተነሣች። ያን ዓመት ሐምሌ 4 ቀን ደግሞ በበክላንድ ወንዝ ነጭ ቆፋሪዎች በቻይናውያን ላይ ተነሥተው ከቦታው አባረሯቸው፤ ድንኳናቸውንም አቃጠሉ።

ክሉንስ ላይ ደግሞ ሌላ ታሪክ አለ። በታኅሣሥ 1873 የአንድ ማዕድን ኩባንያ ሠራተኞች ሥራ አቁመው ሳሉ ኩባንያው ቻይናውያንን በምትካቸው ሊያስገባ ሞከረ። የከተማው ሰው ወንድ ሴት ሳይል መንገድ ዘግቶ ቻይናውያኑን የጫኑትን ሠረገላዎች በድንጋይ መለሰ። ከኩባንያው ዲሬክተሮች አንዱ ፒተር ላለር ነበር። በባላራት ምሽግ ለሠርቶ አደሩ መብት ክንዱን የሰጠው ሰው፣ ከ19 ዓመት በኋላ በሌላው ወገን ቆመ። የላለርን ሐውልት የሚያሳይ አስጎብኚ ይህንንም ቢነግር የሰውየው ታሪክ ሙሉ ይሆናል።

ካስልሜይን፦ የተገለበጠው መሬት

በትንሽ ቡድን መጓዝ የሚጠቅመው ካስልሜይን አካባቢ ነው፤ ትልቅ አውቶብስ የማይገባባቸው ጠባብ የጫካ መንገዶች ለሚኒባስ ክፍት ናቸው። ቹተን በምትባለው ቀበሌ 22 ሜትር ዲያሜትር የነበረውን የውኃ መንኮራኩር ይሸከሙ የነበሩ የድንጋይ ምሰሶዎች ቆመዋል። ብዙም ሳይርቅ ፔኒዌይት ፍላት የሚባል መቃብር አለ። ከ1852 እስከ 1857 በዚያ ከተቀበሩት 200 ያህል ሰዎች የሚበዙት ሕፃናት ናቸው። ወርቅ ሲታጠብበት የቆሸሸውን ውኃ ሰዉ መልሶ ስለሚጠጣው ተቅማጥና ሌላውም በሽታ ሕፃናቱን ፈጃቸው። በቮን ደግሞ የቻይናውያን መቃብር ይገኛል።

ይህ ምድር ወርቁ ከመገኘቱ በፊትም ባለቤት ነበረው። የባላራት አካባቢ የዋዳውሩንግ፣ የካስልሜይንና የቤንዲጎ አካባቢ የጃጃ ውሩንግ ሕዝብ አገር ነው። ከወርቁ በፊት በግ አርቢዎች ሜዳቸውን ወስደውባቸው ነበር፤ ከዚያ ቆፋሪው መጣ። ደኑ ለምሰሶና ለማገዶ ተጨፈጨፈ፣ ወንዙ በደለል ተሞላ፣ አፈሩም ተገለባበጠ። ነባሮቹ ሰዎች በዚህ ሁሉ መካከል ለእንግዶቹ መንገድ ይመሩ፣ በብርድ የሚቸገረውንም ቆፋሪ ፖሰም ከሚባለው እንስሳ ቆዳ የተሰፋ ካባ እየሸጡ ያለብሱት ነበር። ለመሬቱ ግን ካሣ የሰጣቸው አልነበረም። የቪክቶሪያ መንግሥት ከጃጃ ውሩንግ ጋር ተስማምቶ የአገሩ ባለቤቶች መሆናቸውን በይፋ ያወቀው በ2013 ነው።

ቤንዲጎ

የቀኑ የመጨረሻ ማረፊያ ቤንዲጎ ናት። እዚህ ወርቁ ነጭ ድንጋይ ውስጥ ተጣብቆ ወደ ታች ስለሚዘልቅ ሳህንና አካፋ አልበቁም፤ ማሽንና ካፒታል አስፈለገ፣ ግለሰቡ ቆፋሪም የኩባንያ ደመወዝተኛ ሆነ። ሴንትራል ዲቦራ የተባለው ማዕድን 412 ሜትር ጥልቀት አለው፤ በ1954 ሥራ ካቆመ በኋላ ለጎብኚ ክፍት ሆኗል። ጎብኚው የራስ ቆብና መብራት ለብሶ በአሳንሰር ይወርዳል። በከተማው ያለው የወርቅ ዘንዶ ሙዚየም የቻይናውያኑን ታሪክ ይናገራል፤ በየዓመቱ በፋሲካ ሰልፍ የሚወጡት ትልልቅ ዘንዶዎችም መኖሪያቸው እዚያው ነው። 10 ፓውንድ ግብር ተጥሎባቸው በእግር የመጡት ሰዎች ልጆች ዛሬ የከተማዋን ትልቁን በዓል ያደምቃሉ።

ለተጓዡ

ለጉዞው የሚመቹት ከመስከረም እስከ ኅዳርና ከመጋቢት እስከ ግንቦት ያሉት ወራት ናቸው፤ በጋው ታኅሣሥ ላይ ይጀምራል፣ ሙቀቱና የሰደድ እሳቱም ያሰጋል። በጫካው ውስጥ ያልተደፈኑ የድሮ ጉድጓዶች ስላሉ ከመንገድ መውጣት አደጋ አለው፤ ልጆችን ከዓይን አለማራቅ ያስፈልጋል።

በሜልበርን፣ በተለይም በፉትስክሬይና በአካባቢው፣ ብዙ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦች ይኖራሉ። ወደ ባላራት የሚወስደው ነባሩ መንገድ በሠፈራቸው ያልፋል። በሰው አገር ሠርተው፣ ግብር ከፍለው፣ መብታቸውን ጠይቀው ለሚኖሩ ሰዎች ይህ ታሪክ የሩቅ ታሪክ አይደለም። ልጆቻችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ወርቁን ይጠቡ፣ ማዕድኑም ውስጥ ይውረዱ። አስጎብኚውን ግን ሦስት ነገር ጠይቁት፦ ስለ ጆን ጆሴፍ፣ ከሮብ በእግራቸው ስለመጡት ቻይናውያንና ስለ ጃጃ ውሩንግ ሕዝብ። እነዚህ ሦስቱ የሌሉበት ጉብኝት የወርቁን ዘመን በግማሹ ብቻ ያሳያል፤ ልጆቻችን ግን ሙሉውን ሊያውቁት ይገባል።