ከ«ዘበኛ» ወደ «ጥበቃ»፦ የአዲስ አበባ በሮችና የሥጋት ቃላት

በአማርኛ «ጠበቀ» ንብረትን ለሚጠብቅም፣ የሚመጣውን ለሚጠባበቅም ያገለግላል። አፋን ኦሮሞ በ«ኤጉ» ሁለቱን ፍቺዎች ያጣምራል፤ ትግርኛ ግን «ሓለወ»ን ከ«ተጸበየ»፣ ስዋሂሊም «ሊንዳ»ን ከ«ንጎጃ» ይለያል። ከዚህ ተነሥቶ የአንዱ ቋንቋ ተናጋሪ ከሌላው ይበልጥ ይሠጋል ማለት ሞኝነት ነው። ይሁንና በአዲስ አበባ ታሪክ ሁለቱ ፍቺዎች በአንድ በር ላይ የተገናኙበት ዘመን አለ።

ቀድሞ የበሩ ሰው «ዘበኛ» ነበር፤ ቃሉ «ዘብ» ከሚለው ስም የወጣ ነው። የንጉሠ ነገሥቱም ጦር «ክብር ዘበኛ» ይባል ነበር (በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. የመፈንቅለ መንግሥቱን ሙከራ የመሩት የዚሁ ጦር አዛዥ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ መሆናቸው ሳይዘነጋ)። ስዋሂሊም «አስካሪ» የሚለውን ከዐረብኛ የመጣ የወታደር ስም ለቤት ዘበኛ ሰጥቶታል።

በሐምሌ 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤቶችን የመንግሥት ሲያደርግ፣ ነዋሪውን በቀበሌ ማኅበራት አደራጀ። የቀበሌው ታጣቂ «አብዮት ጥበቃ» ተባለ። በዚህም የድርጊት ስም የነበረው «ጥበቃ» የሰው መጠሪያ ሆነ፤ «አብዮት ጥበቃ መጣ» ይባል ጀመር። የሚጠበቀው ግን ቤቱ አልነበረም። በመጋቢት 1969 ዓ.ም. የቤት ለቤት አሰሳና በቀይ ሽብር ወራት በር የሚያንኳኳው ጠባቂው ራሱ ነበር። ከሰዓት እላፊ በኋላ ደጃፍ ላይ የሚቆም የመኪና ድምፅ እንቅልፍ ይነሣል፤ መቀርቀሪያው ጆሮን አያሳርፍም። ቤተሰቡ በሩን ዘግቶ ይጠብቅ ነበር፤ በሁለቱም ፍቺ።

ከ1983 ዓ.ም. በኋላ የቤቱ ጥበቃ ወደ ባለቤቱ ተመለሰ። አጥሩ ከፍ አለ፤ በላዩ የጠርሙስ ስባሪና እሾሃማ ሽቦ ተተከለበት፤ በብረት በሩ ላይ «ኃይለኛ ውሻ አለ» ተጻፈ። «ዘበኛ» የንቀት ቃና ስለያዘ «የጥበቃ ሠራተኛ» ተተካ፤ እሱም አጥሮ «ጥበቃ» ሆነ። ለዚህ አጠራር መንገዱን የጠረገው «አብዮት ጥበቃ» ይመስላል፤ ቃሉን ከሚጠሩት ብዙዎቹ ግን ያንን ዘመን አያውቁትም። ሥጋቱም ቢሆን በቅጥር አልቀለለም። ጥበቃ የቀጠረ አባወራ ጥበቃው እንዳይተኛ፣ ከሌባም ጋር እንዳይመሳጠር ይሠጋል፤ ሌሊት ተነሥቶም በመጋረጃው ሥር የዘበኛ ቤቱን መብራት ያያል።