ዜና ኬናን ወጅቡቲ

በ1970 ዓ.ም.፣ በዘመነ ማርቆስ፣ ኬናን አብዲ ዋርሳሜ በሞቃዲሾ ተወለደ። ቤተ ዘመዱም የግጥምና የዜማ ሰዎች ነበሩ። አያቱ ባለቅኔ ነው፤ አክስቱ ማጎል ናት፣ ያችም በሶማሌ ምድር ሁሉ ዝናዋ የወጣ ድምፃዊት ነበረች። አባቱ ግን አስቀድሞ ኒው ዮርክ ወርዶ ታክሲ ይነዳ ነበርና ከዚያ የራፕ ሸክላ ይልክለት ነበር። ልጁም እንግሊዝኛ ሳያውቅ ግጥሙን እንደ ዳዊት ሸመደደው።

በ1983 ዓ.ም.፣ በዘመነ ሉቃስ፣ የዚያድ ባሬ መንግሥት ሲፈርስ እናቱ ልጆቿን ይዛ ወደ ኒው ዮርክ ተሰደደች። ከኒው ዮርክም ወደ ቶሮንቶ ተሻገሩ፤ በዚያ ራፐር ሆነ። በ2002 ዓ.ም. የዓለም ዋንጫ በደቡብ አፍሪካ ሲደረግ «ዌቪን ፍላግ» የተባለውን ዘፈኑን ኮካ ኮላ ለማስታወቂያ ወሰደው፤ ያልሰማውም አልነበረም። ስለዚህ ዝናው ብዙ ተጽፏልና እኔ አልፈዋለሁ።

ከዚህ በኋላ ልቡ ወደ ፊልም አዘነበለ። ኤችቢኦ የተባለው የአሜሪካ ቴሌቪዥን በሚኒያፖሊስ ስላሉ ሶማሌዎች ተከታታይ ድራማ ሊሠራ ከርሱ ጋር ተዋዋለ፤ ዳይሬክተሯ ካትሪን ቢግሎም በአዘጋጅነት ገባችበት። ነገር ግን ድራማው ስለ ጂሃድ ምልመላ ነው የሚል ወሬ ከሰው ጆሮ ገባ። በ2008 ዓ.ም. የከተማይቱ ሶማሌ ወጣቶች አይሲስን ሊቀላቀሉ አሲረዋል ተብለው በፍርድ ቤት ጥፋተኛ ተብለው ነበርና የወላጆቹ ቁስል ገና አልጠገገም። በዚያው ዓመት በጳጉሜን፣ ዘመነ ዮሐንስ ሊወጣ ሲል፣ ኬናን ሶማሌዎች በሚበዙበት ሰፈር በአደባባይ ሊዘፍን መድረክ ላይ ወጣ፤ ሰልፈኞችም ጮኹበት፣ ፖሊስም የሚያቃጥል ኬሚካል ረጨ። የመጀመሪያው ክፍል ከተቀረጸ በኋላ ኤችቢኦ ነገሩን ተወው። በሰፈሩ ሰዎች አልፈርድም፤ የተጣሉት ከካሜራው ጋር አልነበረም፣ ካሜራው ሁልጊዜ ከሚፈልገው ከዚያ ከአንዱ ወሬ ጋር እንጂ።

አሁን ሌላ ወሬ በፊልም ስለ ተነገረባት ስለ ጅቡቲ ከተማ እንናገር። ባቡራችን የሚያልቅባት፣ ጫታችን በየቀኑ የሚወርድባት፣ ሶማሌኛም በየመንገዱ የሚነገርባት ከተማ ናት። የዓለም ጋዜጠኛ የሚያውቃት በወደቧና በባዕድ ጦር ሰፈሮቿ ነው። የከተማይቱ ልጅ ሉላ አሊ ኢስማኢል፣ በሞንትሪያል የኖረች፣ ወደ ትውልድ ቦታዋ ተመልሳ አስቀድማ «ላን» የተባለ አጭር ፊልም ሠራች፤ ከዚያም «ዳሊንያሮ»ን አወጣች። የፊልሙ ነገር ሦስት ልጃገረዶች ናቸው፤ አንዷ የሀብታም፣ አንዷ የመካከለኛ፣ አንዷ የድሃ ልጅ። የመጨረሻውን የትምህርት ቤት ፈተና ይጠብቃሉ፤ ከዚያ በኋላ መሄድ ይሻላል ወይስ መቅረት እያሉ ይጨነቃሉ።

ቀጥሎ ካዳር አይደሩስ አህመድ መጣ። በሞቃዲሾ ተወልዶ በፊንላንድ ያደገ ነው፤ «የመቃብር ቆፋሪው ሚስት»ን በጅቡቲ ቀረጸ። በዚህ ፊልም ቆፋሪዎች አካፋቸውን ይዘው ከሆስፒታል ደጅ ይቀመጣሉ። አምቡላንስ ሲመጣ ብድግ ይላሉ፤ የመጣው ሕያው ከሆነ ተመልሰው ይቀመጣሉ። እኔ ይህን ያህል እንጀራን ከሞት ጋር በአንድ ደጅ ያስቀመጠ ሌላ ፊልም አላየሁም። ከቆፋሪዎቹ የአንዱ የጉሌድ ሚስት ናስራ ኩላሊቷን ታማለች፤ ለቀዶ ሕክምናው 5,000 ዶላር ተጠይቋል፤ እርሱም ፍየሎቹን ሊያመጣ ወደ አገሩ በእግሩ ይሄዳል። ፊልሙ በሐምሌ 2013 ዓ.ም.፣ በዘመነ ማቴዎስ፣ በካን ፌስቲቫል ታየ፤ በጥቅምት 2014 ዓ.ም. በዋጋዱጉ ፌስፓኮ የተባለውን የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል የወርቅ ፈረስ ተሸለመ። ሶማሊያም ለኦስካር ያቀረበችው የመጀመሪያ ፊልም ይኸው ሆነ።

ኬናንም ፊልምን አልተወም ነበር። በ2017 ዓ.ም. ዘመን መለወጫ ሰሞን፣ ዘመነ ማቴዎስ ሲገባ፣ በቶሮንቶ ፌስቲቫል «ማዘር ማዘር»ን ይዞ ቀረበ። በሶማሌ ገጠር ግመል ስለምታረባ መበለትና ስለ ልጇ የሚናገር ነው። የዓለም አቀፍ ሐያስያን ማኅበር ዳኞችም ሽልማታቸውን ለርሱ ሰጡት።