ማን ከፈለ? ማን ተቀጣ? የኮሎራዶ ኮሌጆች የፉትቦል ድብቅ ክፍያ ታሪክ

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር የ1961 የፉትቦል ወቅት ለቦልደሩ የኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ ታላቅ ዓመት ነበር። ቡድኑ «ቢግ ኤይት» በሚባለው የስምንት ዩኒቨርሲቲዎች ውድድር አንድም ጨዋታ ሳይሸነፍ አንደኛ ወጣ። ጃንዋሪ 1 ቀን 1962 ማያሚ ላይ በኦሬንጅ ቦውል በሉዊዚያና ስቴት 25 ለ 7 ቢረታም፣ እዚያ መድረሱ ራሱ ትልቅ ነገር ነበር። ከተጫዋቾቹ አንዱ፣ የሌክውድ ልጅ ጆ ሮሚግ፣ በኳሱም በትምህርቱም ተመስግኖ የሮድስ ስኮላርሺፕ አግኝቶ ኦክስፎርድ ገባ። ይሁንና ሦስት ወር ሳይሞላ፣ በማርች ወር፣ አሰልጣኙ ሶኒ ግራንዴሊየስ ከሥራቸው ተባረሩ። በሜዳ ላይ ያጠፉት ነገር አልነበረም። ከይፋው መዝገብ ውጪ በተያዘ ገንዘብ ለተጫዋቾች ክፍያ ይፈጸም እንደነበር ታወቀባቸው።

በአገር ቤት ኳስ ላደገ ሰው ነገሩ እንቆቅልሽ ነው። ተጫዋች ተከፈለው ተብሎ አሰልጣኝ ይባረራል? ምስጢሩ ያለው በአሜሪካ ኮሌጆች ነግሦ በኖረው ሕግ ላይ ነው። «ኤን ሲ ዶብል ኤ» የሚባለው ብሔራዊ የኮሌጆች አትሌቲክስ ማኅበር ለብዙ አሥርት ዓመታት የያዘው አቋም አንድ ነበር፤ ተጫዋቹ ተማሪ ነው፣ ተማሪ ደግሞ ለመጫወቱ ገንዘብ አይቀበልም። ቲኬት ይሸጣል፣ ቴሌቪዥን ይከፍላል፣ አሰልጣኝ ደመወዝ ይበላል፤ አጥንቱን የሚያሰብረው ወጣት የሚፈቀድለት ግን የትምህርቱ ወጪ ብቻ ነው። ጎበዝ ልጅ ለማስፈረም የሚሽቀዳደሙ ኮሌጆችና ባለጸጋ ደጋፊዎቻቸው ለዚህ ሕግ የጓሮ በር አበጁለት። ለልጁ በፖስታ የታሸገ ጥሬ ገንዘብ፣ ለአባቱ ሥራ፣ ለእናቱ የቤት ኪራይ።

ማኅበሩ በ1962 የኮሎራዶን ዩኒቨርሲቲ ቀጣ። በዚያን ጊዜ የዩኒቨርሲቲው ፕሬዚዳንት ቀደም ሲል የዴንቨር ከንቲባ የነበሩት ኩዊግ ኒውተን ነበሩ። ቡድኑን እንዲመሩ የተሰየሙት የቀድሞ ተማሪዎች ጉዳይ ኃላፊው ቡድ ዴቪስ ሲሆኑ፣ በዚያ ዓመት ከአሥር ጨዋታ ያሸነፉት ሁለቱን ብቻ ነው። አንዲት ሳንቲም ያልነካ ተጫዋችም ሽንፈቱን አብሮ ተጋተ። በአጠቃላይ የዚህ ሕግ አሠራር እንዲህ ነው፤ ማኅበሩ ኮሌጅን፣ አሰልጣኝንና ተጫዋችን ሊቀጣ ይችላል፤ ኪሱን ከፍቶ የሰጠውን ነጋዴ ግን ከስታዲየሙ ይራቅ ከማለት በቀር የሚያደርገው ነገር የለም።

ከዚህ ሁሉ አስቀድሞ ግን፣ እዚሁ ዴንቨር ከተማ ውስጥ፣ ድብቁን ነገር ወደ አደባባይ ያወጣው አንድ የተጎዳ ወገብ ነበር።

ኧርነስት ኔሜት የዴንቨር ዩኒቨርሲቲ ተማሪና የፉትቦል ተጫዋች ነበር። በ1950 ጸደይ በልምምድ ላይ ወገቡን ተጎዳ። ዩኒቨርሲቲው በወር 50 ዶላር ይከፍለው ነበር፤ በወረቀት ላይ የሰፈረው ምክንያት በግቢው የቴኒስ ሜዳ የሚሠራው ሥራ ነው። ከዚያም ላይ ለምግቡ 10 ዶላር ይቆረጥበታል። ማደሪያውን ያገኘው ደግሞ የማሞቂያውን ምድጃ እየጠበቀና መንገድ እየጠረገ ነው። ኔሜት በሥራ ላይ እንደተጎዳ ማንኛውም ሠራተኛ ካሣ ጠየቀ። ዩኒቨርሲቲው ጉዳቱ ከተቀጠረበት ሥራ ጋር አይገናኝም ብሎ ተከራከረ። በክርክሩ የቀረበው ምስክርነት ግን ገበናውን ገለጠው፤ ሥራውም ምግቡም የሚሰጠው በኳሱ ለሚበረታ ልጅ ነው፣ ከቡድኑ የተቀነሰ ሁለቱንም ያጣል። በ1953 የኮሎራዶ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለኔሜት ፈረደ። ኳሱ ሥራው ነበር ማለት ነው!

ይህን ለመረዳት ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገውም። የድሬዳዋው ጥጥ ፋብሪካ፣ የአሥመራው ቴሌ የቡድን ስማቸው ራሱ የመሥሪያ ቤት ስም ነበር። ተጫዋች በመሥሪያ ቤት ስም ሲያዝ ዋና ሥራው ምን እንደሆነ ተመልካቹ ሁሉ ያውቃል፤ ማንም ግን እንደ ወንጀል አይቆጥረውም ነበር። የአሜሪካው ልዩነት አንድ ዓይነት ነገር እያደረጉ ሌላ ስም መስጠቱ ላይ ነው።

የኔሜት ፍርድ ኮሌጆቹን አስደነገጠ። ሁለት ዓመት ቆይቶ ሌላ ጉዳይ መጣ፤ ይህኛው የሞት ነው። በሴፕቴምበር 1955 በኮሎራዶ ደቡብ ምዕራብ የሚገኘው የፎርት ልዊስ ኮሌጅ ተጫዋች ሬይ ዴኒሰን በጨዋታ ላይ ጭንቅላቱን ተመትቶ በሁለተኛው ቀን አረፈ። ባለትዳርና የልጆች አባት ነበር። ባለቤቱ ካሣ ጠየቀች፤ መጀመሪያ ተፈረደላት። በ1957 ግን ያው የኮሎራዶ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርዱን ሻረው። ኮሌጁ በፉትቦል ንግድ የተሰማራ ድርጅት አይደለም፣ ሟቹም ኳስ ለመጫወት የተቀጠረ መሆኑ አልተረጋገጠም ተባለ። ወገቡን የታመመው ካሣውን አገኘ፤ ባሏን የቀበረችው ባዶ እጇን ሄደች።

በዚያን ዘመን ማኅበሩን ይመሩ የነበሩት ዋልተር ባየርስ ነበሩ። ከ1951 ጀምረው ለ36 ዓመት ያህል ሕጉን በብረት ክንድ ያስከበሩ ሰው ናቸው። «ተማሪ-አትሌት» የሚለው ስም በሁሉም ደንብና ጽሑፍ ላይ እንዲገባ የተደረገው በእርሳቸው ጊዜ ነው። የሚገርመው፣ ጡረታ ከወጡ በኋላ በ1995 ባሳተሙት መጽሐፍ ስሙ የተፈጠረው ተጫዋቾች እንደ ሠራተኛ ተቆጥረው ካሣ እንዳይጠይቁ ስለተሰጋ እንደሆነ ራሳቸው መሰከሩ። የኮሎራዶዎቹንም ጉዳዮች አነሡ። ዘግይቶም ቢሆን ምስጢሩን ከውስጥ ያወጡት የቤቱ አዛዥ ሆኑ። የዴንቨር ዩኒቨርሲቲ በበኩሉ ኪሳራው ስለከበደው በጃንዋሪ 1961 የፉትቦል ቡድኑን በተነ፤ ዛሬም ፉትቦል የለውም።

ከውስጥ ሆኖ መናገር ምን እንደሚያስከፍል በግልጽ የታየው ግን በቴክሳስ ነው። የዳላሱ ሳውዘርን ሜቶዲስት ዩኒቨርሲቲ ተጫዋች የነበረው ዴቪድ ስታንሊ በኖቬምበር 1986 በከተማው ቴሌቪዥን ጣቢያ ቀርቦ ለመፈረም 25,000 ዶላር፣ ከዚያም በየወሩ 750 ዶላር እንደተከፈለ ተናገረ። በፌብሩዋሪ 1987 ማኅበሩ የዚያን ዓመት የቡድኑን ውድድር በሙሉ ሰረዘ። ይህን ያህል ቅጣት ከዚያ በፊት በፉትቦል ላይ ወርዶ አያውቅም። በማግስቱ ወር የቴክሳሱ አገረ ገዢ ቢል ክሌመንትስ የዩኒቨርሲቲው ቦርድ ሰብሳቢ ሳሉ ክፍያው እንዲቀጥል ማወቃቸውን አመኑ፤ አገረ ገዢነታቸውን ግን አልለቀቁም። ብዙ ደጋፊ እንደ ከሃዲ ያየው የተናገረውን ልጅ ነበር።

እዚህ ላይ የቋንቋችን ነገር ይነሣል። በአማርኛ «ጠቋሚ» ሲባል ብዙ ሰው ፊቱን ያጨልማል፤ «ጆሮ ጠቢ» ደግሞ ስድብ ነው። በቀበሌ ዘመን ልጁን ወይም ወንድሙን በጎረቤት ጥቆማ ያጣ ሕዝብ እንዲህ ቢያስብ አይፈረድበትም። ነገር ግን ደካማውን ለጉልበተኛው የሚያቀብል ሰውና ጉልበተኛው የደበቀውን ለሕዝብ የሚያወጣ ሰው አንድ አይደሉም። የኢትዮጵያ ሕግ ራሱ በ2003 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 699 ለወንጀል ምስክሮችና ጠቋሚዎች ጥበቃ ሲደነግግ ያንኑ ቃል ተጠቅሟል። ቃሉ ከሸክሙ ነጻ ለመውጣት ገና ጊዜ ይፈልጋል።

ወደ ቦልደር እንመለስ። በ2002 የኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ በአሰልጣኝ ሪክ ኑሃይዝል ዘመን በተፈጸሙ የምልመላ ጥፋቶች ተቀጣ፤ መልማዮች ከተፈቀደው ጊዜ ውጪ ልጆችን አነጋግረዋል ተብሎ። በ2004 ደግሞ የላቭላንዱ ጄረሚ ብሉም፣ ኦሊምፒክ የደረሰ የበረዶ ሸርታቴ ተወዳዳሪ፣ ከሸርታቴው ድርጅቶች የማስታወቂያ ገንዘብ ልቀበል ብሎ ባቀረበው ክስ በኮሎራዶ ይግባኝ ፍርድ ቤት ተሸነፈ። ፉትቦሉም ቀረበት። በ2007 ዩኒቨርሲቲው የ100,000 ዶላር ቅጣት ተጣለበት፤ ምክንያቱ ስኮላርሺፕ የሌላቸው ተጫዋቾች ለምግብ ከሚገባው ያነሰ እንዲከፍሉ መደረጉ ነው። ጥፋቱን ያሳወቀው ዩኒቨርሲቲው ራሱ ነበር። ለአንድ ሳህን ምግብ!

ሕጉ የተገለበጠበት መንገድም ኮሎራዶን ይነካል። በዳውንታውን ዴንቨር ስታውት ጎዳና ላይ ያለውን የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት የስደት ጉዳይ ያስኬደ ብዙ ወገን ያውቀዋል። ሕንጻው የተሰየመው በባይረን ኋይት ነው። ኋይት በ1937 የኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ የፉትቦል ኮከብ ነበሩ፤ በተከታዩ ዓመት ፒትስበርግ 15,800 ዶላር ከፍሎ አስፈረማቸው። በ1962 ጸደይ፣ ግራንዴሊየስ በተባረሩ ሰሞን፣ ፕሬዚዳንት ኬኔዲ ለአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኝነት ሾሟቸው። በ1984 ፍርድ ቤቱ በቴሌቪዥን መብት ጉዳይ በማኅበሩ ላይ 7 ለ 2 ሲፈርድ ኋይት ተቃውመው ከማኅበሩ ጎን ቆሙ። በ2021 ግን ፍርድ ቤቱ ማኅበሩ ከትምህርት ጋር ለተያያዘ ጥቅማ ጥቅም የጣለው ገደብ ሕገወጥ ነው ሲል 9 ለ 0 ፈረደ። ፍርዱን የጻፉት የዴንቨር ተወላጁ ዳኛ ኒል ጎርሰች፣ በወጣትነታቸው የኋይት ረዳት የነበሩት ናቸው።

ከዚያ ወዲህ ጎርፉ መጣ። ከጁላይ 2021 ጀምሮ ተጫዋቾች በስማቸውና በመልካቸው እንዲነግዱ ተፈቀደ፤ ኮሎራዶ ይህን የሚፈቅድ ሕግ ያወጣችው ቀደም ብላ በ2020 ነበር። በጁን 2025 በጸደቀው የፍርድ ቤት ስምምነት ደግሞ አንድ ዩኒቨርሲቲ በመጀመሪያው ዓመት እስከ 20.5 ሚሊዮን ዶላር ገደማ በቀጥታ ለአትሌቶቹ እንዲከፍል ተፈቀደለት። በ1962 አሰልጣኝ ያስባረረው ነገር ዛሬ በጀት ተይዞለታል።

በኦሮራ ልጆቻቸውን ለኳስና ለሩጫ ለሚያሠለጥኑ ወላጆች ግን አንድ ነገር አልተለወጠም። ዜግነት ወይም ግሪን ካርድ ያለው ልጅ ይፈርማል፣ ይከፈለዋል። በኤፍ-1 የተማሪ ቪዛ ከአዲስ አበባ ወይም ከበቆጂ የመጣች ሯጭ ግን ያንኑ ገንዘብ ብትቀበል ያለፈቃድ እንደሠራች ሊቆጠርባትና ቪዛዋ አደጋ ላይ ሊወድቅ ይችላል። ይህን ሕግ ያወጣው ማኅበሩ ስላልሆነ የማኅበሩ መሸነፍ እርሷን አላወጣትም። ገንዘቡን የሚያቀርብላት ድርጅት በቪዛዋ ላይ ለሚደርሰው ነገር አይጠየቅም፤ ውል ይዞ የሚመጣ ደላላም ይህን ላይነግራት ይችላል። ፊርማ ከማድረጓ በፊት ወረቀቱን የኢሚግሬሽን ጠበቃ ቢያየው ይበጃል።