ማርና ሥጋ በአንድ ድስት፤ የሞሮኮ የዶሮ ጣጂን በታሪክ ፊት

በአገራችን ልማድ ማር የጠጅ፥ በርበሬም የወጥ ነው፤ ሁለቱ በአንድ ግብር ላይ ቢቀርቡም በአንድ ድስት ውስጥ አይገናኙም። ስለዚህ ከአንድ የሞሮኮ ሰው ቤት በእንግድነት ገብቶ ከማር፥ ከደረቀ ፕሪምና ከቀረፋ ጋራ የተሠራ ዶሮ የቀረበለት ኢትዮጵያዊ፥ የቤቱ እመቤት በጨው ፈንታ ስኳር የጨመረች ይመስለዋል። እኔም ለትምህርት ፓሪስ በነበርሁበት ጊዜ፥ ከፌስ ከተማ በመጣ አንድ ቤተ ሰብ ማዕድ ላይ ተቀምጬ ያደረብኝ ጥርጣሬ ይኸው ነበር። እመቤቲቱ መደነቄን አይታ፥ «እናቴ እንዲህ ትሠራው ነበር፤ እናቷም እንዲሁ» ከማለት በቀር ሌላ ማብራሪያ አልሰጠችኝም። መልሱ በዚያን ጊዜ አልበቃኝም ነበር። ኋላ ግን ስለ ነገሩ የተጻፉትን መጻሕፍት ሳገላብጥ፥ ቃሏ ከጠበቅሁት በላይ ክብደት ያለው ሆኖ አገኘሁት።

በዚህ አጭር ጽሑፍ ላሳይ የምፈልገው ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፥ ጣፋጩንና ጨዋማውን በአንድ ድስት የማዋሐድ ልማድ የሞሮኮ ብቻ የሆነ እንግዳ ጠባይ ሳይሆን፥ በመካከለኛው ዘመን ከባግዳድ እስከ ለንደን ድረስ በባለጸጎች ቤት የታወቀ የጋራ ገበታ ነበር። ሁለተኛ፥ ይህን ገበታ እስከ ዘመናችን ያደረሱት መጽሐፍ የጻፉት ሰዎች ብቻ አይደሉም፤ ስማቸው በየትም ያልተመዘገበ ሴቶች ናቸው። የማነሣቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አስቀድሞ አሠራሩን መግለጽ ይገባል፤ በዚህ ጉዳይ ድስቱ ራሱ ምስክር ነውና። ጣጂን የሚለው ቃል የወጡም የዕቃውም ስም ነው። ዕቃው ዝርግ የሸክላ መጥበሻ ሲሆን፥ ክዳኑ እንደ መሶብ ክዳን ወደ ላይ የሾለ ነው። ከምግቡ የሚነሣው እንፋሎት በክዳኑ ላይ ቀዝቅዞ ተመልሶ ስለሚወርድ ጥቂት ውሃ ይበቃዋል። ቃሉም ወደ ዐረብኛ የገባው መጥበሻ የሚል ትርጉም ካለው ከግሪክኛው ቴጋኖን ነው።

አንድ ኪሎ ተኩል ያህል የሚመዝን ዶሮ ተበልቶ ይታጠባል። ሁለት ትልልቅ ሽንኩርትም ደቅቆ ይከተፋል፤ ነገር ግን እንደ ዶሮ ወጣችን ሽንኩርቱ አስቀድሞ ለብቻው አይቁላላም። ሥጋው፥ ሽንኩርቱ፥ ዘይቱ፥ ጨው፥ አንድ የሻይ ማንኪያ የዝንጅብል ዱቄት፥ የዚያው ግማሽ ቁንዶ በርበሬ፥ ጥቂት እርድ፥ በሁለት ጣት የተቆነጠረ ሳፍሮንና አንድ እንጨት ቀረፋ ባንድነት ገብተው በዝግ እሳት ላይ ይገላበጣሉ። ሥጋው ቅመሙን ከጠጣ በኋላ አንድ ብርጭቆ ውሃ ተጨምሮ ይከደናል፤ አንድ ሰዓት ያህልም ይንተከተካል። በዚህ ጊዜ ሁለት መቶ ግራም የሚሆን የደረቀ ፕሪም በሙቅ ውሃ ይርሳል። ከዚያም ከወጡ መረቅ ጥቂት ተቀንሶለት፥ ከሁለት የሾርባ ማንኪያ ማርና ከጥቂት የቀረፋ ዱቄት ጋራ እስኪያብረቀርቅ ድረስ ለብቻው ይበስላል። ሽንኩርቱ ሟሙቶ መረቁ ሲወፍር ፕሪሙ በሥጋው ላይ ይደረደራል፤ በዘይት የተጠበሰ ለውዝና የታመሰ ሰሊጥም ይነሰነስበታል። ለውዝ ማለቴ በገበያችን በዚህ ስም የሚጠራው ኦቾሎኒ ሳይሆን፥ በመጽሐፍ ቅዱስ የምናውቀው የዛፍ ፍሬ ነው። ምግቡም በዳቦ እየተጠቀሰ በእጅ ይበላል።

አንባቢው እንዲያስተውል የምለምነው የሥራውን ቅደም ተከተል ነው። ጣፋጩ የሚመጣው በመጨረሻ ነው፤ የሚያርፈውም ጨው፥ ዝንጅብልና ቁንዶ በርበሬ አስቀድመው በሠሩት መሠረት ላይ ነው። ስለዚህ ማሩ የቅመሙን ኀይል ያለዝበዋል እንጂ አያጠፋውም። ይህንን ሥርዐት ከያዝን በኋላ ወደ ጥንቱ ጽሑፍ ብንመለስ የምናውቀውን ሰው ፊት በሩቅ እንዳየን ይሆናል።

በ10ኛው ክፍለ ዘመን ኢብን ሰይያር አልወራቅ የተባለ ጸሓፊ ስለ ባግዳድ ከሊፎችና ስለ መኳንንቶቻቸው ማዕድ ሰፊ የምግብ መጽሐፍ አዘጋጀ። በ1226 ደግሞ፥ ሞንጎሎች ከተማይቱን ከማጥፋታቸው 32 ዓመት ቀደም ብሎ፥ ሙሐመድ አልባግዳዲ ሌላ መጽሐፍ ጻፈ። በዚህ በሁለተኛው መጽሐፍ ውስጥ ሚሽሚሺያ የሚባል ወጥ አለ። ስሙን ያገኘው በዐረብኛ ሚሽሚሽ ከሚባለው ከአፕሪኮት ነው። የሰባ ሥጋ ከሽንኩርት፥ ከድንብላል፥ ከቀረፋ፥ ከቁንዶ በርበሬና ከዝንጅብል ጋራ ይቀቀላል፤ የደረቀው አፕሪኮት ርሶና ተጠልሎ ይጨመርበታል፤ በተፈጨ ለውዝ ይወፍራል፤ በሳፍሮንም ይቀላል። ከዚያው መጽሐፍ ሲክባጅ የሚባለው ወጥ ደግሞ ኮምጣጤን ከማር ወይም ከተምር ማር ጋራ አዋሕዶ፥ ዘቢብ፥ የደረቀ በለስና ለውዝ ይጨምራል። ሲክባጅ የፋርስ ቃል ነው፤ ይህም የባግዳድ ወጥ ቤት ራሱ ከፋርስ ነገሥታት ቤት የወረሰው ነገር እንደ ነበረ ያመለክታል። ዛሬም ኢራናውያን ዶሮን ከሮማን ጭማቂና ከዎልነት ጋራ ሲሠሩ የዚያው ቤተ ሰብ መሆናቸው ይታያል።

ይህ ልማድ ወደ ምዕራብ የሄደው በእስላም ግዛት መስፋፋት ነው። ከ711 ጀምሮ የስፔን አብዛኛው ክፍል አንዳሉስ ተብሎ በእስላሞች ሥር ዋለ። በ12ኛው ክፍለ ዘመንና በ13ኛው መጀመሪያም አልሞሃድ የተባሉት ነገሥታት ማራኬሽንና ሴቪልን በአንድ መንግሥት ስለ ያዙ፥ ጸሓፊውም ወጥ ቤቱም በባሕሩ ወዲያና ወዲህ ይመላለሱ ነበር። የአንዳሉስንና የማግሬብን ምግብ የሚገልጽ፥ የደራሲው ስም ያልታወቀ አንድ መጽሐፍ ከ13ኛው ክፍለ ዘመን ደርሶናል፤ የስፔኑ ሊቅ አምብሮሲዮ ዊቺ ሚራንዳ በ1960ዎቹ ዓመታት አሳትሞታል። ከዚህም የሚበልጥ ስሜት የሚሰጠኝ የኢብን ረዚን አልቱጂቢ ሥራ ነው። ይህ ሰው የሙርሲያ ተወላጅ ሲሆን፥ የአገሩ ከተሞች አንድ ባንድ በክርስቲያን ነገሥታት እጅ በወደቁበት ዘመን፥ በ1247 ተሰደደ። በሴውታና በቢጃያ ተቀምጦ፥ በመጨረሻም በቱኒስ በ1293 ዐረፈ። የምግብ መጽሐፉን ያዘጋጀው በስደት ላይ ሳለ ነው። ኮርዶባ በ1236፥ ሴቪል በ1248 እንደ ተያዙ ላስታወሰ አንባቢ፥ የዚህ ሰው መጽሐፍ የሆድ ነገር ብቻ አይደለም፤ ተመልሶ የማይገባበትን ቤት ገበታ በቃል ይዞ የሚዘረዝር ሰው መዝገብ ነው።

ከእርሱ በኋላ የመጡት ስደተኞች ግን መጽሐፍ ሳይሆን እጃቸውን ይዘው መጡ። በ1492 ግራናዳ በወደቀች ጊዜ፥ በዚያውም ዓመት አይሁድ ከስፔን በተባረሩ ጊዜ፥ ብዙዎች ወደ ፌስና ወደ ቴትዋን ተሻገሩ። ከ1609 እስከ 1614 ደግሞ ሞሪስኮ የተባሉት፥ በግድ ክርስቲያን የሆኑት የእስላም ልጆች፥ ቁጥራቸው 300,000 ያህል የሚገመት፥ ከአገር ወጡ፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ በሞሮኮ ከተሞች ሰፈሩ። የእነዚህ ከተሞች ወጥ ቤቶች እስከ ዛሬ በጣፋጭ ሥጋ ምግባቸው መታወቃቸው በአጋጣሚ የሆነ አይመስለኝም።

ሞሮኮም በበኩልዋ የስኳር አገር ነበረች። በሱስና በሺሻዋ አውራጃዎች ሸንኮራ አገዳ በመስኖ ይለማ ነበር። ከ1578 እስከ 1603 የነገሠው የሰዕዲያኑ ሱልጣን አሕመድ አልመንሱር በማራኬሽ አልበዲዕ የተባለውን ቤተ መንግሥት ሲያሠራ፥ እብነ በረዱን ከኢጣልያ እያስመጣ በክብደቱ ልክ ስኳር ይከፍል እንደ ነበር የሞሮኮው ታሪክ ጸሓፊ አልኢፍራኒ ተርኮአል። የመጭመቂያዎቹን ቤቶችና የውሃ መውረጃዎቻቸውን ፍርስራሽ ፖል በርትዬ የተባለ ፈረንሳዊ መርምሮ በ1966 በመጽሐፍ አውጥቶታል። ሱልጣኑ ከሞተ በኋላ ልጆቹ ስለ ዙፋን ተዋጉ፤ የብራዚልም ስኳር ገበያውን ወሰደ፤ የሞሮኮ ስኳር ሥራ ጠፋ። ሆኖም ጣፋጩ ወጥ አልጠፋም። ከዚህም የምንረዳው ልማዱ የቆመው በአገሩ ስኳር ብዛት ላይ ብቻ እንዳልነበረ ነው።

ነገሩ በእስላም አገሮች ብቻ ተወስኖ አልቀረም። በ1390 ገደማ በእንግሊዝ ንጉሥ በሪቻርድ ሁለተኛ ወጥ ቤቶች የተዘጋጀው የምግብ መጽሐፍ ሥጋን ከስኳር፥ ከዘቢብና ከቅመም ጋራ ያዋሕዳል። ነጭ መብል የሚል ትርጉም ያለው ብላማንዤ በዚያን ዘመን የተተፈተፈ የዶሮ ሥጋ በሩዝ፥ በለውዝ ወተትና በስኳር የሚሠራ ነበር። አውሮፓ ይህንን የተወችው በ17ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ላ ቫሬን የተባለው ወጥ ቤት በ1651 ያሳተመው መጽሐፍ የአዲሱ ፈረንሳዊ አሠራር ምልክት ሆነ፤ ቅቤና የሥጋ መረቅ የቅመሙን ቦታ ያዙ፤ ስኳርም ቀስ በቀስ ወደ ገበታው መጨረሻ ተገፋ። እንግዲህ ከታሪክ አንጻር ማብራሪያ የሚያሻው ሞሮኮዎች ጣፋጩን ከሥጋ ጋራ ማቆየታቸው ብቻ አይደለም፤ አውሮፓውያን መለየታቸውም ጭምር ነው።

ነገር ግን ሚዛን መጠበቅ ያስፈልጋል። የዛሬው ጣጂን የባግዳድ ወጥ ራሱ ነው ማለት ስሕተት ነው። አንድ ምሳሌ ይበቃል። በ13ኛው ክፍለ ዘመን የአንዳሉስ መጻሕፍት ተፋያ የሚባለው በድንብላል የሚሠራ፥ ጣፋጭነት የሌለው የሥጋ ወጥ ነው። ዛሬ በፌስ ተፋያ ከለውዝና ከተቀቀለ ዕንቁላል ጋራ የሚቀርብ የበግ ሥጋ ነው፤ በሌላው የሞሮኮ ክፍል ደግሞ ሽንኩርትና ዘቢብ በማርና በቀረፋ ተቁላልተው በሥጋ ላይ የሚደረጉት ነገር ነው። ስሙ ጸንቶ ነገሩ ተለውጦአል። ኮምጣጤውም ከጣፋጩ ጣጂን በአብዛኛው ወጥቶአል፤ ቲማቲምና ቀይ በርበሬም ከአሜሪካ መጥተው ወደ ሌሎቹ ጣጂኖች ገብተዋል። የጸናው እንግዲህ ይህ ወይም ያ ወጥ ሳይሆን፥ ከላይ ያመለከትሁት ሥርዐት ነው፤ በቅመም ሥጋውን መመሥረት፥ ሽንኩርቱን ማሟሟት፥ ፍሬውንና ማሩን በመጨረሻ ማሳረፍ።

ይህን ሥርዐት ማን አቆየው? የባግዳዱም የሙርሲያውም መጽሐፍ የወንዶች ሥራ ነው፤ የተጻፉትም ለባለጸጋና ለተማረ ሰው ነው። ፊደል ያልቆጠረች የፌስ ሴት ኢብን ረዚንን ልታነብ አትችልም ነበር። በትልልቆቹ የፌስ ቤቶች ድስቱን የያዙት ዳዳ የሚባሉት ሴቶች ነበሩ። ከእነዚህ ብዙዎቹ ከሰሐራ በስተ ደቡብ ካሉ አገሮች በባርነት የመጡ ወይም የእነዚያ ልጆች ነበሩ። ፈረንሳይ በ1912 ሞግዚትነትዋን ከመሠረተች በኋላ የአደባባዩ የሰው ንግድ ቢከለከልም፥ በቤት ውስጥ የነበረው ባርነት የጠፋው ቀስ በቀስ ነው። ስለዚህ ከፋርስ ነገሥታት ጀምሮ የተቈጠረውን ውርስ በመጨረሻ በእጅዋ የያዘችው፥ ከአገርዋ በግድ የተነጠቀች አፍሪካዊት ሆና እናገኛታለን። የአልመንሱር ስም በየመጽሐፉ አለ፤ የእርስዋ ስም የለም። ወጡን በፌስ ባለጸጎች ስም ብቻ የሚያወድስ ታሪክ ጐዶሎ ታሪክ ነው።

ይህ ነገር ለእኛም ይመለከተናል። በርበሬ ከአሜሪካ የመጣ ተክል ነው፤ ስለዚህ ቀዩ ዶሮ ወጣችን እንደምናስበው ከጥንት ጀምሮ ሳይለወጥ የኖረ ሊሆን አይችልም። ከበርበሬ በፊት ድስቱ ምን ይመስል እንደ ነበር፥ ከዚያም ወዲህ በየአውራጃው እንዴት እንደ ተለየ ለማወቅ የምንጠይቃቸው መጻሕፍት ጥቂት ናቸው፤ የምንጠይቃቸው እናቶችና ሞግዚቶች ግን ገና አሉ። ተማሪዎቻችን ለዕረፍት ወደ የቤታቸው ሲሄዱ ማስታወሻ ደብተር ይዘው ማድቤት ቢገቡና የቅመሙን መጠን፥ የሥራውን ቅደም ተከተል፥ ከሁሉም በላይ ሠሪዪቱን ማን እንዳስተማራትና ያች አስተማሪ ከወዴት እንደ መጣች ቢጽፉ፥ ለዚህ ዐይነቱ ጥናት ትልቅ አገልግሎት ይሆናል። እኔ በፓሪስ ያችን እመቤት የእናትዋን እናት ማን እንዳስተማረቻት ሳልጠይቅ ወጣሁ፤ ዛሬ የምጸጸትበትም ይህ ነው።