ማኅደርና ደብዳቤ፦ ከመዝገብ ቤት እስከ ኮምፒዩተር

ደብዳቤ መጻፍ አንድ ሙያ ነው፤ የተጻፈውን ደብዳቤ በተፈለገ ጊዜ እንዲገኝ አድርጎ ማስቀመጥ ደግሞ ሌላ ሙያ ነው። የመጀመሪያው በአገራችን አያሌ አወዳሾች አሉት። የሁለተኛው ስም ግን፣ የመሥሪያ ቤት ሥራ ሁሉ የቆመው በእርሱ ላይ ሆኖ ሳለ፣ የሚነሣው አንድ ፋይል በጠፋ ዕለት ብቻ ነው። ይህ ሁለተኛው ሙያ ባለፉት ሠላሳ ዓመታት ባለቤቱን ቀይሯል። ቀድሞ በመዝገብ ቤት ሠራተኛ እጅ የነበረው ሥራ፣ የኤሌክትሮኒክ ደብዳቤ ከመጣ ወዲህ በየሠራተኛው ጠረጴዛ ላይ ወዳለው ኮምፒዩተር ተዛውሯል። የተዛወረውም ያለ ርክክብ ሰነድ ነው።

በጥንት ዘመን በሰሜኑ የአገራችን ክፍል ውልና ስጦታ የሚቀመጥበት የታወቀ ስፍራ የቤተ ክርስቲያኑ ወንጌል ነበር። የርስትና የጉልት ስጦታ፣ የወሰን ስምምነት፣ የነገሥታት ትእዛዝ በወንጌሉ ባዶ ቅጠሎችና ኅዳጎች ላይ ይገለበጥ ነበር። ይህ የሆነው ስለ መጽሐፉ ቅድስና ብቻ አይደለም። ወንጌሉ የት እንዳለ ሁሉም ያውቃል፤ ጠባቂው ማን እንደሆነ ይታወቃል፤ አንድ ቅጠል ተቀዶ ቢወጣ ክፍተቱ ይታያል። ዛሬም ስለ መዛግብት አያያዝ የሚጻፉ መመሪያዎች ከእነዚህ ከሦስቱ ብዙ የራቀ ነገር አይጠይቁም። መጽሐፉ ራሱ ከቆዳ በተሰፋ ማኅደር ውስጥ ገብቶ በግድግዳው ችካል ላይ ይንጠለጠል ነበር። ማኅደር ማለት ኀደረ ከሚለው የግእዝ ግሥ የወጣ፣ ማደሪያ ማለት ነው። ኋላ መሥሪያ ቤቶች የሠራተኛውን ፋይል «የግል ማኅደር» ብለው ሲጠሩ ቃሉን የወሰዱት ከዚሁ ነው። ለኮምፒዩተሩ ፎልደር «አቃፊ» የሚል አዲስ ስም ማውጣት ለምን እንዳስፈለገ ግልጽ አይደለም፤ ማኅደር የሚባል፣ ሥራውን ለብዙ መቶ ዓመታት ሲሠራ የኖረ ቃል በእጅ ነበረና።

ዘመናዊው የደብዳቤ ሥርዓት የመጣው ከዳግማዊ ምኒልክ የመንግሥት አደረጃጀት ጋር ነው። ፖስታ በ1886 ዓ.ም. ተቋቋመ፤ ኢትዮጵያም በ1901 ዓ.ም. የዓለም አቀፉ የፖስታ ኅብረት አባል ሆነች። በመካከሉ፣ በ1900 ዓ.ም.፣ ንጉሠ ነገሥቱ ሚኒስትሮችን ሲሾሙ ጸሐፌ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ የጽሕፈት ሚኒስትር ሆኑ። ከዚያ ወዲህ መሥሪያ ቤቶች እየበዙ ሲሄዱ የመዝገብ ቤቱም ልማድ እየጠነከረ ሄደ።

ያን ልማድ ጠጋ ብሎ ማየት ይገባል። ደብዳቤ ሲመጣ በገቢ መዝገብ ላይ ቀኑ፣ ቁጥሩ፣ ከማን እንደመጣና ጉዳዩ ይሰፍራል። ቀጥሎ ከሚመለከተው ፋይል ጋር ተያይዞ ወደ ኃላፊው ይገባል። ኃላፊው በኅዳጉ ላይ ለማን እንደመራው ጽፎ ይፈርማል። መልሱ ሲዘጋጅ በወጪ መዝገብ ቁጥር ይሰጠዋል፤ ዋናው ይላካል፣ ግልባጩ በፋይሉ ውስጥ ይቀራል። በደብዳቤው ግርጌ «ግልባጭ» ተብሎ የሚዘረዘረው ስምም እነማን ጉዳዩን እንዲያውቁ እንደተፈለገ ይመሰክራል። በዚህ ሥርዓት ውስጥ ደብዳቤው የጸሐፊውም የተቀባዩም አይደለም፤ የመሥሪያ ቤቱ ነው። ሠራተኛው ቢዛወር፣ ጡረታ ቢወጣ፣ ቢሞት፣ ፋይሉ ከመደርደሪያው አይነቃነቅም። መዝገብ ቤት ያዘገያል፣ ያንገላታል፣ «ፋይሉ አልተገኘም» ይላል ተብሎ ብዙ ተቀልዶበታል፤ ቀልዱም ያለ ምክንያት የመጣ አይደለም። ይሁን እንጂ ፋይሉ አልተገኘም ለማለት እንኳ መጀመሪያ ፋይል መኖሩን የሚያውቅ ሰው ያስፈልጋል።

የኮምፒዩተሩ ማኅደር ከወረቀቱ ማኅደር ምን ያህል ሥጋ ዘመድ እንደሆነ ከታሪኩ ይታያል። በአሜሪካ ሜልቪል ዲዊ ያቋቋመው ላይብረሪ ቢሮ የተባለው ድርጅት፣ ወረቀትን በመሳቢያ ውስጥ አቁሞ የሚያስቀምጠውን ካቢኔ እ.ኤ.አ. በ1893 በቺካጎው ዓለም አቀፍ ትርኢት ላይ አሳየ። የቤተ መጻሕፍት ሰዎች የካርድ መሳቢያ የቢሮ ፋይል አባት ነው ቢባል ስሕተት አይሆንም። እ.ኤ.አ. በ1971 ሬይ ቶምሊንሰን ከአንድ ኮምፒዩተር ወደ ሌላ መልእክት በላከ ጊዜ ደብዳቤዎቹ ተከታትለው በአንድ ረጅም ፋይል ውስጥ ይከማቹ ነበር፤ አሥረኛውን ለማንበብ ዘጠኙን ማሳለፍ ግድ ነበር። በማግሥቱ ዓመት ላሪ ሮበርትስ ደብዳቤዎቹን በዝርዝር የሚያሳይ፣ አንዱን መርጦ ለማንበብ፣ ለማስቀመጥና ለመሰረዝ የሚያስችል ፕሮግራም ጻፈ። የኤሌክትሮኒኩ ገቢ መዝገብ የተጀመረው ያኔ ነው ማለት ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1981 ዜሮክስ ኩባንያ ስታር የተባለውን ኮምፒዩተር ሲያወጣ በስክሪኑ ላይ የገቢና የወጪ ትሪ፣ የፋይል መሳቢያና የካርቶን ማኅደር ሥዕል ነበር። አዲሱ መሣሪያ ለቢሮ ሰው እንዳይባዕድበት ሲባል የቢሮው ዕቃ ሁሉ በሥዕል ገባ። ያልገባው የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ብቻ ነው።

ወደ አገራችን የኤሌክትሮኒክ ደብዳቤ የገባው በአዲስ አበባ በተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን በኩል ነው። በዚያ የነበረው ፓዲስ የተባለው የመረጃ አገልግሎት ደብዳቤዎችን አጠራቅሞ በስልክ መስመር የሚልክና የሚቀበል መረብ ዘርግቶ ነበር። ሥራው ከፖስታ ከረጢት ብዙ የሚለይ አልነበረም፤ ቀኑን ሙሉ የተጠራቀመው አንድ ጊዜ ይላካል፣ የመጣውም አንድ ጊዜ ይወርዳል። የኢንተርኔት አገልግሎት በኢትዮጵያ ቴሌኮሙኒኬሽን ኮርፖሬሽን አማካይነት የተጀመረው በጥር 1989 ዓ.ም. ነው። የስልክ ክፍያ በደቂቃ ይቆጠር ስለነበር ተጠቃሚው መስመሩን ከፍቶ ደብዳቤዎቹን ወደ ራሱ ኮምፒዩተር ያወርዳል፣ መስመሩን ይዘጋል፣ ከዚያ ተረጋግቶ ያነባል። እንደ ዩዶራና አውትሉክ ኤክስፕረስ ያሉት ፕሮግራሞች ለዚህ የተመቹ ነበሩ። ደብዳቤው ከማዕከሉ ተነሥቶ የሚያድረው በጠረጴዛው ላይ ባለው ኮምፒዩተር ውስጥ ነው። ስለሆነም በፕሮጀክት፣ በላኪ፣ በዓመት እየለየ ማኅደር መክፈት ለባለ ኮምፒዩተሩ የቅንጦት ጉዳይ አልነበረም፤ ሌላ ቅጂ በየትም ስፍራ የለምና።

በሰሜን ይህ ዘመን ከትምህርት ተቋማት መስፋፋት ጋር ተገጣጠመ። የመቐለ ዩኒቨርሲቲ በ1992 ዓ.ም. ተመሠረተ። በከተማው ዳር በቃላሚኖም የትግራይ ልማት ማኅበር ያቋቋመው ልዩ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ከልዩ ልዩ ወረዳዎች በውጤታቸው የተመረጡ ተማሪዎችን በአዳሪነት ያስተምር ጀመር። ከቃላሚኖ ወጥቶ ወደ ዩኒቨርሲቲ፣ ከዚያም ወደ መሥሪያ ቤት የገባው ትውልድ በሙያችን ታሪክ ልዩ ስፍራ አለው። የገቢና የወጪ መዝገብ ሳይጽፍ፣ ግልባጭ በካርቦን ወረቀት ሳያወጣ፣ የመጀመሪያውን የሥራ ደብዳቤ በኮምፒዩተር የላከ ትውልድ ነው። መሣሪያውን ከአባቶቹ የተሻለ ያውቀዋል። ደብዳቤ የመሥሪያ ቤቱ ንብረት መሆኑን ግን ያስተማረው ሰው አልነበረም፤ መዝገብ ቤት ያን የሚያስተምረው በቃል ሳይሆን በልማድ ነበርና።

ከዚህ የተነሣ የሆነው በሁሉም ክልል የታየ ነው። የመሥሪያ ቤቱ አድራሻ ሲዘገይ ወይም ሲበላሽ ሠራተኛው በያሁ፣ በሆትሜይል፣ ኋላም በጂሜይል የራሱን አድራሻ ከፍቶ የመንግሥትን ሥራ በእርሱ ሠራ። ሲዛወር ደብዳቤዎቹ አብረውት ሄዱ። በቢሮው ኮምፒዩተር ላይ የቀሩትም ቢሆኑ ዕጣቸው አስተማማኝ አልነበረም። በሠላሳ ማኅደር በሥርዓት የተለየ የሚመስለው ደብዳቤ በአውትሉክ ውስጥ በእውነቱ የሚኖረው በአንድ ፋይል ውስጥ ነው። በቀድሞው የፕሮግራሙ ዓይነት ይህ ፋይል ከሁለት ጊጋባይት ሲያልፍ ይበላሽ ነበር፤ ሲበላሽም ሠላሳው ማኅደር አንድ ላይ ይዘጋል። ማኅደሮቹን የለየ ሠራተኛ ሁሉ ያን ፋይል ወደ ሌላ ስፍራ መገልበጥ እንዳለበት አያውቅም ነበር። ራንድ በተባለው የአሜሪካ የምርምር ተቋም እ.ኤ.አ. በ1979 የተሠራ አንድ ፕሮግራም እያንዳንዱን ደብዳቤ ለብቻው ፋይል አድርጎ፣ ማኅደሩንም እውነተኛ ማኅደር አድርጎ ያስቀምጥ እንደነበር ሲታሰብ፣ ኋላ የመጣው ሁሉ የተሻለ አለመሆኑ ይታያል።

ይህ እንዲህ ሳለ ከውጭ አገር ሌላ ሐሳብ መጣ፤ ማኅደር አያስፈልግም የሚል። ጂሜይል እ.ኤ.አ. በ2004 ሲወጣ አንድ ጊጋባይት ማስቀመጫ ሰጥቶ፣ ተጠቃሚውን «አትለይ፣ ፈልግ» የሚል ይመስል ነበር። እ.ኤ.አ. በ2011 በአይ ቢ ኤም ተመራማሪዎች የወጣ ጥናት ለሐሳቡ ማስረጃ ሆነ። የ345 ሰዎች ከ85,000 በላይ የፍለጋ ተግባሮች ተመዝነው፣ በቃል ፍለጋ አንድን ደብዳቤ ለማግኘት በአማካይ 17 ሰከንድ ሲበቃ በማኅደር በኩል ግን 58 ሰከንድ እንደሚፈጅ ተገኘ። ደብዳቤ በመለየት የሚጠፋው ጊዜ ከንቱ ነው የሚለው አስተያየት ከዚያ ወዲህ በየቢሮው ይሰማል።

ጥናቱ ትክክል ነው፤ ነገር ግን የተደረገው እንግሊዝኛ በሚጻፍበት ቢሮ ነው። በአማርኛ «ኃይለ ሥላሴ» የሚለውን ስም ብቻ እንውሰድ። የመጀመሪያው ፊደል በስድስት መንገድ (ሀ፣ ሃ፣ ሐ፣ ሓ፣ ኀ፣ ኃ) ይጻፋል፤ «ሥ» በሁለት፣ «ሴ»ም በሁለት። ይህ 24 ዓይነት አጻጻፍ ነው፤ ስሙ አንድ ቃል ወይም ሁለት ቃል ሆኖ ሊጻፍ ስለሚችል 48 ይሆናል። ፊደሎቹን አንድ አድርጎ ለማየት ያልተዘጋጀ መፈለጊያ አንዱን ሲያገኝ አርባ ሰባቱን አያይም። «ማኅበር» ብሎ የሚፈልግም «የማኅበሩን» እና «ለማኅበራችን» ላያገኝ ይችላል፤ ብዙ መፈለጊያዎች ቃልን የሚይዙት በመነሻ ፊደሉ ነውና። በዚህ ላይ የቀድሞው ደብዳቤ አለ። የግእዝ ፊደል በዩኒኮድ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው፤ ማይክሮሶፍት የግእዝ ፊደል ከዊንዶውስ ጋር አብሮ ያወጣው ደግሞ በ1999 ዓ.ም. ቪስታ ሲመጣ ነው። (ሁለቱ ዘጠና ዘጠኞች ሰባት ዓመት ከመንፈቅ ያህል ይራራቃሉ፤ የዘመን አቆጣጠራችን ልዩነትና የመሣሪያው መዘግየት እዚህ ላይ ተገናኝተዋል።) ከዚያ በፊት የተጻፈው በየድርጅቱ ፊደል ተጽፎ፣ ፊደሉ በሌለበት ኮምፒዩተር ትርጉም የሌለው የላቲን ፊደል ክምር ሆኖ ይታያል፤ አለዚያም አማርኛው በላቲን ፊደል፣ እያንዳንዱ ጸሐፊ እንደ መሰለው ተጽፏል። ይህን ማሽን ፈልጎ አያገኘውም። «የ1996 በጀት» በሚል ማኅደር ውስጥ ከተቀመጠ ግን ሰው ያገኘዋል። 58 ሰከንዱ በእኛ ዘንድ ውድ አይደለም።

የመጨረሻው ምስክር የመጣው ከመቐለ ነው። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. ጦርነቱ ሲጀመር በትግራይ ስልክና ኢንተርኔት ተቋረጠ። በመቐለ ስልክ ለጥቂት ወራት ተመልሶ በሰኔ 2013 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ እንደገና ጠፋ። የፕሪቶሪያው ስምምነት በጥቅምት 23 ቀን 2015 ዓ.ም. ከተፈረመ በኋላ አገልግሎቱ በየደረጃው ተመለሰ። በእነዚያ ወራት በውጭ አገር ማዕከል ላይ ያለ ደብዳቤ ለቃላሚኖ ነዋሪ እንደሌለ ያህል ነበር። የትምህርት ማስረጃው፣ የሥራ ውሉ፣ የጥናት ጽሑፉ የት እንዳለ እያወቀ ሊደርስበት አይችልም። በጠረጴዛ ኮምፒዩተሩ ላይ አውርዶ በማኅደር የለየ ሰው ግን፣ መብራት ባገኘ ሰዓት ያነበዋል፤ በፍላሽ ገልብጦ ለሌላው ይሰጠዋል።

መስመሩ ሲከፈት ደግሞ ሌላ ነገር ጠበቀ። በያሁ ደንብ መሠረት ባለቤቱ ለአሥራ ሁለት ወራት ያልገባበት የደብዳቤ ሳጥን ሊዘጋና በውስጡ ያለው ሊሰረዝ ይችላል። ደንቡ የወጣው ባለቤቱ ሳጥኑን የተወው በፈቃዱ ነው ከሚል ግምት ተነሥቶ ነው። ከሰኔ 2013 ዓ.ም. እስከ ታኅሣሥ 2015 ዓ.ም. ያለው ጊዜ አሥራ ስምንት ወራት ነው። የኤሌክትሮኒክ መልእክት በኤሌክትሮኒክ መልክ በመሆኑ ብቻ ሕጋዊ ውጤቱ እንደማይታጣ የደነገገው የኤሌክትሮኒክ ግብይት አዋጅ ቁጥር 1205/2012 ከወጣ በዚያን ጊዜ ገና ሦስት ዓመት አልሞላውም ነበር። መልእክቱ በሕግ ፊት ማስረጃ ሆኗል፤ የሚያድርበትን ማኅደር የሚጠብቀው ማን እንደሆነ ግን መሥሪያ ቤቶቻችን በየመመሪያቸው ገና አልወሰኑም።